ስም ያጡ ሦስት ጠርሙሶች

የባሕር ሽታ ምን ዓይነት ነው ብትሉኝ የመርፌ ሽታ ነው እላችኋለሁ። ባሕር አይቼ አላውቅም። ባለፈው ሳምንት ልጄን ላስከትብ ጤና ጣቢያ ወስጃት ነርሷ ጥጡን አልኮል ነክራ ክንዷን ስትጠርግላት፣ ልጄ መርፌው ሳይደርስባት ማልቀስ ጀመረች፤ እኔ ደግሞ ዓይኔን ጨፍኜ አሸዋ አየሁ። ነጭ አሸዋ፣ እንደ ጥቁር ጤፍ የደቀቀ አሸዋ፣ ስብርባሪ ዛጎል ያለበት አሸዋ፣ ሁሉም በጠርሙስ ውስጥ። «እናትየው፣ የምወጋው አንቺን ነው እንዴ?» አለችኝ ነርሷ። ወረፋ የያዙት ሴቶች ሳቁ። አፍሬ ዓይኔን ገለጥኩ። ለሰው ነግሬው የማላውቀው ነገር ብዙ ነው፤ ይኼኛውን ግን ልጻፈው ብዬ ቤት ስገባ ደብተር አወጣሁ።

ያኔ የምንኖርበት ግቢ ዛሬ የለም። ቦታው ላይ መስታወት የለበሰ ፎቅ ቆሞ ምድር ቤቱ የሞባይል መሸጫ ሆኗል። በእኔ ጊዜ በቆርቆሮ የታጠረ፣ መሀሉ ላይ አንዲት የቁርቁራ ዛፍ ያለችበት ሰፊ ግቢ ነበር። ከሰዓት በኋላ የካራማራ ተራራ ነፋስ ሲነሳ አቧራው ከቆርቆሮው ሥር ይገባና ያጠብነውን ልብስ መልሶ ያለብሰዋል። ባጃጅ ከተማውን ማጥለቅለቅ የጀመረበት ሰሞን ነው፤ ብር ከሃምሳ የያዘ ሰው ከገበያ ተነስቶ የፈለገበት ይደርስ ነበር። ሴቶቹ ሲሳፈሩ የጋርባሳራቸውን ጫፍ ሰብሰብ አድርገው ከጎማው ያድኑታል። ያን ዓመት የወጣው ጋርባሳር ብርቱካናማ፣ ዳር ዳሩ ላይ ደቃቅ የብር ዶቃ የተሰፋበት ስስ ሻርፕ ነበር፤ እሱን ያልደረበች ሴት ሰርግ ለመሄድ ታፍር ነበር። ጥግ ላይ ያለው ሻይ ቤት ቀኑን ሙሉ ካሴት ያጫውታል፤ አንድ ሰው ኡዱን እየመታ ስለ ግመልና ስለ ሴት ይተክዛል። ቃሉ ግማሹ ቢገባኝ ነው፤ ዜማውን ግን ዛሬም ልብስ ሳጥብ አንጎራጉረዋለሁ። ሩዙ፣ ፓስታው፣ የዱቄት ወተቱ፣ ሽቶው፣ የፕላስቲክ ጫማው ሁሉ የሚመጣው ከባሕሩ በኩል ነበር። የጅጅጋ ሰው ባሕር ባያይም ከባሕር በልቶ ከባሕር ይለብሳል።

አያቴ ወታደር ሆነው መጥተው እዚሁ የቀሩ ሰው ናቸው። አባቴ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ሠላሳ ዓመት ፋይል ሲያወጣና ሲመልስ ኖሮ ጡረታ ወጣ። እኔ ከስድስተኛ ክፍል ነው የቀረሁት፤ እናቴ ታመመችና እሷን ሳስታምም ዓመቱ አለፈ፣ እሷም አለፈች፣ ትምህርት ቤቱ ሳይጠራኝ እኔም ሳልመለስ ቀረን። ዓይን አፋር ነበርኩ። ሚኒባስ ውስጥ «ወራጅ አለ» ማለት አፍሬ፣ ሌላ ሰው እስኪወርድ ጠብቄ የመጣሁትን መንገድ በእግሬ የምመለስ ልጅ ነበርኩ። ለጠየቁኝ ሁሉ መልሴ «እሺ» ነው። ጽጌ ውሃ ቅጂ፤ እሺ። ጽጌ ይኼ ቀሚስ አያምርብሽም፤ እሺ።

ከግቢያችን አንዱን ክፍል መምህር ሂርሲ ተከራዩት። ሃምሳ የተጠጉ፣ ረጅም፣ ጢማቸውን በሂና ያቀሉ የባዮሎጂ መምህር ነበሩ። ከቅዳሜ እስከ ሐሙስ ሸደር፣ የስደተኞቹ መጠለያ ትምህርት ቤት ያስተምራሉ፤ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ በጭነት መኪና ጋቢና ተሳፍረው ይመጣሉ፤ ዓርብን እኛ ጋ አሳልፈው ቅዳሜ ማለዳ ይመለሳሉ። የትምህርት ዕረፍት ሲሆን ደግሞ በአውበሬ አድርገው ድንበር ማዶ ቦረማ ወዳለው አጎታቸው ይሻገሩና ከዚያ ወደ ባሕሩ ይወርዳሉ። ሲመለሱ የሚይዙት አሸዋ ነው። በከረጢት በከረጢት የታሰረ እርጥብ አሸዋ።

ጎረቤታችን ጨርቅ ነጋዴዋ ፋጡማ ነበረች። መንደሩ ሁሉ ኢዶ ነው የሚላት፤ አክስት እንደማለት ነው። ኢዶ አማርኛ ስትናገር አንቱታ የሚባል ነገር አታውቅም፤ ለአባቴም ለመምህሩም ለኪዳነ ምሕረት ቄስም «አንተ» ነው። መምህሩ ከረጢታቸውን ሲያወርዱ ባየች ቁጥር በራፏ ላይ ትቆማለች።

«ወላሂ ሂርሲ፣ ሰው ከባሕር ሩዝ ያመጣል፣ ጨርቅ ያመጣል፣ ቴሌቪዥን ያመጣል። አንተ አሸዋ! ጅጅጋ አቧራ አነሳት?»

«ቀረጥ የለውም፣ ኢዶ።»

«ኬላ ላይ ምን አሉህ?»

«ከረጢቱን ሦስት ጊዜ በብረት ወጉት። ወርቅ የደበቅኩ መስሏቸው ነው። በመጨረሻ አንዱ፣ ይኼን ሽማግሌ ልቀቁት፣ ቤተሰቡ ይፈልገው ይሆናል አለ።»

«እውነቱን ነው! አልኮሉስ? ያን ሁሉ ጠርሙስ አስካሪ ግቢ ውስጥ ታስቀምጣለህ?»

«የሚጠጡት ውስጡ ያሉት እንስሳት ናቸው፣ ኢዶ። ሞተዋል። ኃጢአት አይጻፍባቸውም።»

አንድ ዓርብ ቁርቁራው ሥር ቁጭ ብዬ ሰፌድ ላይ ሩዝ ስለቅም መምህሩ መጥተው ቆሙብኝ። ብዙ ቆሙ። ቀና ብዬ ማየት አፍሬ መልቀሜን ቀጠልኩ። «አባዮ» አሉኝ፤ እህቴ ማለታቸው ነው። «ሳታዪው ነው እንዴ ጠጠሩን የምታወጪው?» ሄደው ነጭ ሳህን ላይ አንድ እፍኝ እርጥብ አሸዋና ጥቂት ውሃ ይዘው መጡና ከሩዙ አጠገብ አስቀመጡት። «እዚህ ውስጥ አሸዋ ያልሆነ ነገር አለ። ፈልጊልኝ።» ሩዝ ስትለቅሙ የሩዙን ፍሬ አይደለም የምታዩት፤ ሩዝ ያልሆነው ራሱ ዓይናችሁ ውስጥ ይገባል። በዶሮ ላባ ጫፍ እየጠረግሁ ሰባት አወጣሁ። መምህሩ ማጉያ መነጽራቸውን አንስተው ቆጠሩ፣ ደግመው ቆጠሩ። «እኔ በመነጽር ያየሁት አራት ነው» አሉ። በማግስቱ ከመሄዳቸው በፊት አባቴን አስፈቀዱ። ሥራ ትሠሪልኛለሽ ሲሉኝ መልሴን ታውቃላችሁ።

ከአሸዋው የምለቅማት፣ መምህሩ የሚፈልጓት ያቺ እንስሳ ከገብስ ፍሬ ታንሳለች። እርጥብ ድንጋይ ስታነሱ ሥሩ የምታገኟት፣ ስትነኳት የምትጠቀለል ባለ ብዙ እግር ግራጫ ፍጥረት አለች አይደል? የእሷ የባሕር ዘመድ ናት፤ ሁለቱም የሸርጣን ወገን ናቸው ብለው ነግረውኛል። ሰውነቷ አሸዋ ይመስላል፣ ጀርባዋ ላይ ጥቁር ጥቁር ነጥብ አላት፣ ዓይኗ ደግሞ ሁለት የርችት ባሩድ ፍንጣሪ ነው። ባሕሩ ሲሸሽ አሸዋ ውስጥ ተቀብራ ትጠብቃለች። ባሕሩ ሲመለስ ትወጣና ትዋኛለች፣ ያገኘችውን የሞተ ነገር ትበላለች፣ ውሃው ሳይጥላት መልሳ ትቀበራለች። ሴቷ እንቁላሏን ባሕር ላይ አትበትንም። ደረቷ ሥር ከስስ ቅጠል የተሠራ የሚመስል ከረጢት አላት፤ እዚያው ውስጥ አቅፋ ትፈለፍላቸዋለች። «ስለዚህ ልጆቿ ሩቅ አይሄዱም» ይላሉ መምህሩ። «የሌላው ባሕር እንስሳ ልጅ ሞገድ ላይ ተሳፍሮ አገር ያቋርጣል። የዚህች ግን የተወለደበት አሸዋ ላይ ነው የሚቀበረው። እንግዲህ በርበራ ካለች፣ ቡልሃር ካለች፣ በእግሯ ስንት ሺህ ዓመት ሄዳ ነው? እስከ የትስ ደረሰች?» ይኼ ነበር ጥያቄያቸው። እስከ የት ደረሰች። አራት ዓመት አሸዋ ያሸከማቸው ይኼው ነው።

አንድ ሐሙስ በጀሪካን የባሕር ውሃ፣ በከረጢት ደግሞ በሕይወት ያሉትን ከነአሸዋቸው ይዘው መጡ። የልብስ ማጠቢያ ሳፋዬን ለምነው ወሰዱና ክፍላቸው ጥግ አሸዋውን አንጥፈው ውሃውን አፈሰሱበት። ምንም አይታይም፤ አሸዋና ውሃ ብቻ ነው። «ነገ ከሰዓት ባሕር ጅጅጋ ይመጣል» አሉ። ዓርብ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ እኔ፣ አባቴና ኢዶ ሳፋውን ከብበን ቆምን። ኢዶ ልታሾፍ አፏን ከፍታ ሳለ አሸዋው እንደሚፈላ ሽሮ እዚህም እዚያም ነቃ ነቃ አለ፤ ከዚያ ደርዘን የሚሆኑት ወጥተው ውሃው ውስጥ መዞር ጀመሩ። «አሁን በርበራ ላይ ውሃው ሞልቷል» አሉ መምህሩ። ኢዶ አፏን ዘጋች። ቅዳሜ ብቻዬን ነበርኩ፤ አሥር ሰዓት ከሃያ ላይ ወጡ። እሑድ አሥራ አንድ ከአሥር ላይ። በየቀኑ ሃምሳ ሃምሳ ደቂቃ እየዘገዩ፣ እዚያ ታች ባሕሩ በሚዘገይበት ልክ፣ እዚህ በእኔ ሳፋ ውስጥ ጉዞውን ይቆጥሩ ነበር። ከዚያ የሚወጡት ቁጥራቸው እያነሰ ሄደ። በቀጣዩ ሐሙስ ይኼን ስነግራቸው መምህሩ «ሸደር አንዲት አሮጊት አለች» አሉኝ። «ሰማዩ ጥርት ባለበት ወር፣ በአገሯ ዝናብ የሚጀምርበት ቀን ሲደርስ፣ ባልዲና ድስቷን አውጥታ ከድንኳኗ ውጪ ትደረድራለች። ሰው ይስቅባታል። ሦስት አራት ቀን ትደረድራለች፤ ከዚያ ታስገባዋለች።»

ሥራውን ወደድኩት። የሴቶቹን ከረጢት በመርፌ ጫፍ መክፈት ለመድኩ። ከውስጥ የሚወጡት ልጆች እግራቸው ስድስት ጥንድ ነበር፤ የትልልቆቹ ሰባት። ያበላሸሁት መስሎኝ ሁለት ሳምንት ሳልናገር ቆየሁ። መጨረሻ ላይ እንደምንም ስናገር መምህሩ ጉልበታቸውን መትተው ሳቁ። «አላበላሸሽም! ስድስት ይዘው ነው የሚወለዱት። ሰባተኛው በኋላ ነው የሚመጣው።» ያን ቀን እንዴት ደስ እንዳለኝ ለማንም አልተናገርኩም።

እንግዲህ ጥፋቴ። ጠርሙሶቹ አሥራ ዘጠኝ ነበሩ፣ የማርማላታ ጠርሙሶች ናቸው፣ ሁሉም አልኮል የተሞሉ። በየጠርሙሱ ውስጥ፣ ከእንስሳቱና ከትንሽ አሸዋ ጋር፣ ከደብተር የተቀደደች ወረቀት ትገባለች፤ ከየትኛው ዳርቻ እንደመጡ የተጻፈባት። ከውጪ የተለጠፈ ወረቀት ጭነት መኪና ላይ ሲፋተግ ይላጣል። መምህሩ ዳርቻው ላይ ጽፈው ከረጢቱ ውስጥ ይከቷታል፣ ስለቅም እኔ ከእንስሳቱ ጋር ወደ ጠርሙሱ አዛውራታለሁ፤ የሚጽፉት ግን በእርሳስ ነው፣ እሱም እንደ ዶሮ ጫር ጫር። አንድ ሐሙስ ሲመጡ «በሚቀጥለው ዓርብ ከዩኒቨርሲቲ አንድ ትልቅ ሰው መጥቶ ጠርሙሶቹን ያያል» አሉን። ከሉግሃያና ከዘይላ ያመጡትን አሸዋ ለቅሜ ከጨረስኩ ገና ጥቂት ቀን ነበር፤ ዘይላ ደግሞ እስከዚያ ያልደረሱበት ሩቅ ዳርቻ ነው። መምህሩ ቅዳሜ ወደ ሸደር ሲሄዱ እኔ ጠርሙሶቹን አየኋቸው። ወረቀቶቹ አሳፈሩኝ። ትልቅ ሰው እየመጣ!

አባቴም አይቷቸው ነበር። «ይኼ የቢሮ ወግ አይደለም» አለ። «በእርሳስ የተጻፈን ማንም በላጲስ ያጠፋዋል። ሠላሳ ዓመት በእርሳስ የተጻፈ ማመልከቻ ተቀብዬ አላውቅም።» ደግሞ እኛ ትምህርት ቤት በእርሳስ የሚጽፉት ትንንሾቹ ነበሩ። አራተኛ ክፍል ስንገባ ነው እስክሪብቶ የተፈቀደልን፤ ያን ቀን ሁላችንም ጣታችንን ሆን ብለን በቀለም አበላሽተን ነው ወደ ቤት የሄድነው። የእጅ ጽሑፌ ከክፍሉ አንደኛ ነበር። ወጥቼ ሰማያዊና ቀይ እስክሪብቶ ገዛሁ። አሥራ ዘጠኙንም ወረቀት አወጣሁ፤ በሰማያዊ ጻፍኩ፣ ከሥሩ በቀይ አሰመርኩ፣ አድርቄ መለስኳቸው። አሮጌዎቹን ሩዝ የተጣደበት እሳት ውስጥ ጨመርኳቸው። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ራሴን ጎበዝ ብዬ አላውቅም።

ማክሰኞ ከሰዓት የክፍሉን መስኮት ስከፍት ጠርሙሶቹ ሰማያዊ ሆነዋል። ደስ የሚል፣ የሰማይ ዓይነት ሰማያዊ። መጀመሪያ እንስሳቱ ያወጡት ቀለም መሰለኝ። አንዱን አንስቼ ብርሃን ላይ አየሁት። ወረቀቷ ነጭ ሆና ተንሳፍፋለች። ሁለተኛው ነጭ። ሦስተኛው። አልኮል እስክሪብቶን እንደሚበላ የነገረኝ አልነበረም፤ እኔም አልጠየቅኩም።

አባቴን ጠራሁት። ገብቶ አየ፤ ኮፍያውን አወለቀ። «ከየት ከየት እንደሆኑ ታስታውሻለሽ?» «ጥቂቱን…» «እንግዲያው ድጋሚ ጻፊ። በእርሳስ ጻፊ። ማን ያውቃል?» ይኼን ብሎ ወጣና ቁርቁራው ሥር ተቀመጠ። እርሳሱን ይዤ ገና ሳልጽፍ ተመልሶ መጣ። «ተይው» አለኝ፤ ድምፁ ደክሟል። «መዝገብ ቤት ፋይል ሲጠፋ ጠፋ ነው የሚባለው። ሌላ ፋይል አይፈጠርም። እኔ እነግራቸዋለሁ።» እሺ አልኩ።

ሐሙስ መምህሩ መጡ። አባቴ ሻይ አቀረበላቸውና ስለ ዝናቡ ነገራቸው። ስለ ስኳር መወደድ ነገራቸው። ስለ ጡረታ መታወቂያው ፎቶ ነገራቸው። ከበሩ ጀርባ ሆኜ እሰማለሁ፤ ስለ ጠርሙሶቹ ምንም የለም። ለካ አባቴም እንደኔው ነው። አንዱን ጠርሙስ በሁለት እጄ ይዤ ወጣሁና መምህሩ ፊት ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት። ሰማያዊውን አዩት። ነጯን ወረቀት አዩዋት። እጄን አዩት።

«እስክሪብቶ» አሉ።

ራሴን ነቀነቅኩ።

«ስንቱን?»

«ሁሉንም።»

ሰው ሲሞት የሚሉትን ቃል በዓረብኛ አሉ። የሻዩን ብርጭቆ ገፋ አደረጉ። አባቴ ወለሉን ያያል። «ጥፋቱ የኔ ነው» አሉ በመጨረሻ። «በእርሳስ ስጽፍ እያየሽ ለምን እንደሆነ አልነገርኩሽም። መምህር ነኝ ደግሞ።» ከዚያ ለራሳቸው እንደሚናገሩ ሆነው «ከየት እንደመጣ የማይታወቅ እንስሳ ምንም አይነግርሽም፤ ሬሳ ነው» አሉ። እንባዬ መጣ። ያን ጊዜ ነው አንድ ነገር የታየኝ፤ ሳላስበው ከአፌ ወጣ፦ «አሸዋው አለ።»

በማግስቱ መምህሩ ከጁምዓ ሲመለሱ አንሶላ ቁርቁራው ሥር አንጥፈን ጠርሙሶቹን ደረደርን። መነጽሩን ይዤ ከየጠርሙሱ ሥር የቀረውን አሸዋ ማየት ጀመርኩ። እያንዳንዱን ዳርቻ እፍኝ እፍኝ አድርጌ ለቅሜዋለሁ። «ይኼ ቡልሃር ነው።» «እንዴት አወቅሽ?» «እንደ ቅንጬ የተከካ ነው።» መምህሩ ደብተራቸውን ገልጠው ቀድሞ የቆጠሩትን ቁጥር ከጠርሙሱ ጋር አስተያዩ፤ ልክ ነበር። «ይኼ በርበራ። ዛጎሉ ተሰባብሯል፣ ነጭ ነው።» ልክ። ኢዶ ከበራፏ መጥታ ቆማለች። «ይኼ ዓይን ነው ወይስ ሚዛን? እኔ ጋ ብትሠራ ኖሮ አንድ ነጋዴ በጨርቅ አያታልለኝም ነበር!» አሥራ ስድስቱ እንደዚያ ስማቸው ተመለሰ። ሦስት ቀሩ።

ሦስቱ ከመጨረሻው ጉዞ ነበሩ፣ ገና አልተቆጠሩም። አሸዋቸው ደቃቅ፣ ጥቁር ጤፍ የሚመስል። የሉግሃያም የዘይላም አሸዋ እንደዚያ ነበር። አንድ ነገር ብቻ እርግጥ ነው፤ ከሁለቱ ዳርቻ በአንደኛው እንስሳዋ አለች፣ ወይም በሁለቱም። መምህሩ አንሶላው ላይ ተንበረከኩ። ትልቁ ሰው አሥር ሰዓት ይመጣል።

«አባዮ፣ አስቢ» አሉኝ። እንደዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ ተናግረው አያውቁም። «ሰማያዊ ገመድ የታሰረው ከረጢት የዘይላ ነው። እሱን ስትፈቺ እንስሳት አልነበሩበትም? ዘይላ አለች ብሎ እስከዛሬ የጻፈ ሰው አላውቅም። የመጀመሪያዎቹ እኛ እንሆናለን። ዘይላ ናቸው፣ አይደል?»

ሰማያዊውን ገመድ ስፈታ ጣቴ ላይ ይሰማኛል። በላባዬ ጫፍ እንስሳቱን ስጠርጋቸውም ይታየኛል። ግን ገመዱና እንስሳቱ የአንድ ቀን ይሁኑ የሁለት ቀን አላውቅም። ወረቀቶቹን በእስክሪብቶ ስገለብጥም ያየሁት የፊደሌን ማማር እንጂ ቃሉን አልነበረም። አባቴ አየኝ፤ ኢዶ አየችኝ። መምህሩ ያንን አንድ ቃል ይጠብቃሉ፣ አራት ዓመት አሸዋ የተሸከመው ትከሻቸው ወደኔ ዘንበል ብሎ። «እሺ» ጥርሴ ጫፍ ደረሰች። ማንም አያውቅም ነበር። እኔም ራሴ ከጥቂት ወር በኋላ አምነው ነበር።

«አላውቅም» አልኩ።

«ትንሽ እንኳ?»

«ዘይላ ቢሆኑ ደስ ይለኛል፣ መምህር። ግን አላውቅም።»

ነፋሱ አንሶላውን አነሳው፤ አባቴ በእግሩ ረገጠው። መምህሩ ተነስተው ጉልበታቸውን አራገፉ፤ ከኪሳቸው እርሳስ አወጡ፣ ከደብተራቸው ሦስት ትንንሽ ወረቀት ቀደው ሰጡኝ። «የምታውቂውን ጻፊ።» ሦስቱም ላይ «ሉግሃያ ወይም ዘይላ። አይታወቅም» ብዬ ጻፍኩ። የእጅ ጽሑፌ አላማረም። ትልቁ ሰው መጣ፣ አየ፣ ሦስቱ ጋ ሲደርስ ወረቀቶቹን አነበበና «እነዚህስ?» አለ። «እንደተጻፈው ነው» አሉት መምህሩ።

ዓመት አልፎ ጽሑፉ ሲታተም መምህሩ አንድ ቅጂ አሳዩኝ። እንግሊዝኛ ስለሆነ ማንበብ አልቻልኩም፤ ካርታውን ግን አየሁ። የባሕሩ ዳርቻ ቀጭን መስመር ነው፤ እንስሳዋ ያለችበት ሁሉ ጥቁር ነጥብ። በስተምዕራብ ጫፍ፣ ከሉግሃያ ወደ ዘይላ ባለው ላይ፣ መሀሏ ያልጠቆረ አንዲት ክብ አለች። «ያቺ ያንቺ ናት» አሉኝ። አፍሬ አቀረቀርኩ። «አትፈሪ። ብትዋሺ ኖሮ ጥቁር ነጥብ ትሆን ነበር» አሉኝና ሳቁ። ኢዶ ሰምታ «አራት ዓመት ደክሞ ቀዳዳ!» አለች።

ለዕረፍት ተመልሰው ሄደው ክቧን ሊሞሏት ነበር። መንገዱ የማይታለፍበት ዘመን መጣ። ከዚያ ኩላሊታቸውን ታመሙና ድሬዳዋ ልጃቸው ጋ ሄዱ። ሲሄዱ አሥራ ስድስቱ ጠርሙሶች ዩኒቨርሲቲ ገቡ፤ ሦስቱን ከማጉያ መነጽሩ ጋር ለኔ ተዉልኝ። «እስኪታወቅ አንቺ ጋ ይቀመጡ» አሉኝ። ድሬዳዋ እንዳረፉ የሰማነው ከተቀበሩ በኋላ ነው። አባቴ ያን ቀን ኮፍያውን አውልቆ ቁርቁራው ሥር ብዙ ተቀመጠ።

ጠርሙሶቹ ዛሬም ቁምሳጥኔ ላይ ናቸው። አልኮሉ ሲቀንስ ከፋርማሲ ገዝቼ እጨምራለሁ፤ ፋርማሲስቱ ለቁስል ይመስለዋል። የእርሳሱ ጽሑፍ አንዲት ፊደል አልጠፋችበትም። የኢዶ ልጅ ጉሌድ በአውበሬ በኩል ወደ ባሕሩ የሚወርድ ጭነት መኪና ይነዳል። በየሳምንቱ በር ላይ ሰላም እለዋለሁ። እንስሳዋ ዘይላ መኖር አለመኖሯን እንድለይ ሁለት እፍኝ አሸዋ አምጣልኝ ማለት ስንት ዓመት ሙሉ አቅቶኝ ኖርኩ። ሰውየው ሲሚንቶና ስኳር ነው የሚጭነው፣ ምን ይለኛል እያልኩ።

ከጤና ጣቢያው በተመለስኩ በሦስተኛው ቀን፣ ይኼን እዚህ ድረስ ጽፌ፣ ልጄን አዝዬ ኢዶ ቤት ሄድኩ። ኢዶ አርጅታለች፣ ከፍራሿ አትነሳም። ጉሌድ በር ላይ ጎማ ያያል።

«ጉሌድ፣ አሸዋ ታመጣልኛለህ?»

«ቤት ልትሠሪ ነው?»

«ሁለት እፍኝ ነው። አንዱን ከሉግሃያ፣ አንዱን ከዘይላ። ውሃው ደርሶ ከሚመለስበት ጫፍ።»

ከውስጥ የኢዶ ሳቅ ተሰማ። «ያ ሂርሲ! ሞቶም አሸዋ ያስጭናል!»

ሁለት ከረጢት ሰጠሁት። በየከረጢቱ ውስጥ ቤት ጽፌ ያዘጋጀኋት ወረቀት አለች። ጉሌድ አንዷን አውጥቶ ወደ ፀሐይ አዞራት፤ ከሸሚዙ ኪስ እስክሪብቶ መዘዘ።

«ይኼማ በእርሳስ ነው፣ መንገድ ላይ ይጠፋል። ቆይ ላድምቅልሽ።»

«አይሆንም!» አልኩ።

ጀርባዬ ላይ የተኛችው ልጄ ነቃች። የኢዶም ሳቅ ቆመ።

«እንዳትነካው፣ ጉሌድ። እንዳለ መልሰው።»

ወረቀቷን አየ፣ እኔን አየ፣ እስክሪብቶውን ኪሱ ከተተ።

«እሺ» አለ።